ለሁለት ቤት የወጣ ትእዛዝ

አንድ አጥር ብቻ የሚለያያቸው ሁለት ጎረቤታሞች ነበሩ። አንዷ ሰፌድ ሰፍታ የምታድረው የሺመቤት ናት። ሌላው ጓንጉል የሚባል አናጢ ነው፤ እጁ ወርቅ፣ ጠባዩ ግን አያድርስ! ከጣሪያው የሚወርደውን የዝናብ ውኃ ቦይ ቀዶ ወደ እሷ ጓሮ ለቀቀው። ክረምት በገባ ቁጥር ውኃው ግድግዳዋን እየሸረሸረ ቤቷ ዘመመ። ቦዩን ብትደፍነው ጓንጉል መጥረቢያውን ይዞ አጥሩን ዘለለና፣ «ሁለተኛ ብትነኪው አናትሽን ነው የምልሽ!» አላት።

ሽማግሌዎች ሦስት ጊዜ አስታረቋቸው። ሦስቴም ይቅርታ ጠየቀ፣ ሦስቴም ዝናብ ሲጥል መጥረቢያውን ይዞ መጣ። የሺመቤት ነፍሷን ፈራች። ነጠላዋን አጣፍታ ፍርድ ቤት ሄደችና ፖሊስ ይጠብቀኝ ብላ አመለከተች። መንደሩ ጉድ አለ። «ጎረቤቷን ከሰሰች እኮ! ምን ዓይነቷ ናት?» እያለ አማት።

በቀጠሮው ቀን ጓንጉልም ተጠርቶ ቀረበ። ዳኛው የሺመቤትን ሰምተው፣ «ሲዝትብሽ ያየ ሰው አለ?» ብለው ጠየቁ።

ያላየ ማን አለ? ግን አንዱ «እኔ የለሁበትም» ብሏል፣ ሌላዋ «ነገ ዕድር ላይ ፊቱን እንዴት አያለሁ?» ብላ ቀርታለች። የሺመቤት አንገቷን እንደደፋች በሩ ተከፈተና አንዲት አሮጊት ምርኩዛቸውን ይዘው ገቡ። የጓንጉል እናት እማማ ደብሪቱ ናቸው። የሺመቤት «አለቀልኝ፣ ለልጃቸው ሊመሰክሩ ነው» ብላ ደነገጠች።

«አይቻለሁ» አሉ እማማ ደብሪቱ። «መጥረቢያውን አራት ጊዜ ሲያነሣባት በዓይኔ በብረቱ አይቻለሁ።»

ጓንጉል ብድግ አለ። «እማዬ! በገዛ ልጅሽ ላይ?»

«ላንተው ብዬ ነው እንጂ የኔ ልጅ! በአምስተኛው ብታሳርፍባት እሷ ትሞታለች፣ አንተ ወህኒ ትወርዳለህ። እኔስ ማን አለኝ? ጌታዬ ዳኛ፣ ፖሊሱን ይስጡን። እሷንም ይጠብቅልኝ፣ እሱንም ይጠብቅልኝ።»

ዳኛው ጓንጉል አጥሩን እንዳያልፍ፣ ፖሊስም ክረምቱን ሙሉ ጠዋትና ማታ ብቅ እያለ እንዲያይ አዘዙ። ጓንጉል ሐምሌን ተነጫነጨ። ቱግ ብሎ በወጣ ቁጥር የፖሊሱን የዝናብ ልብስ ያይና ተመልሶ ይገባል። በነሐሴ ግን ንዴቱ በረደለትና፣ የዘመመውን ግድግዳ ከአጥሩ ወዲያ ሆኖ ለመጀመሪያ ጊዜ ደህና አድርጎ አየው። አፈረ። ቦዩን ራሱ ወደ መንገዱ መለሰው።

መስከረም ሲጠባ ከአጥሩ ሥር ቆሞ ተጣራ። «የሺመቤት፣ ግድግዳሽን ላቃናልሽ ነበር። ግን ትእዛዝ አለብኝ፣ አልሻገርም።»

የሺመቤት ጥቂት አሰበችና ዳኛው ዘንድ ተመልሳ ሄደች። «ጌታዬ፣ ያ እንዳይገባ ያሉልኝ ሰውዬ ይግባልኝ» አለች። ዳኛው እየሳቁ ፈቀዱላት።

ጓንጉል ያንኑ መጥረቢያ ይዞ በበሩ ገባ። ፖሊሱ ምሰሶውን ያዘለት፣ እሱ ጠረበ። የሺመቤት የመጥረቢያውን ድምፅ እየሰማች ሰፌዷን ሰፋች። ሲጨርስ የሺመቤት ሥራውን ሊያዩ የመጡትን የእማማ ደብሪቱን ጉልበት ሳመች።

«ነፍሴን አተረፉልኝ፣ እማማ።»

ጓንጉልም ላቡን እየጠረገ፣ «የኔንም ነው እንጂ» አለ። እናቱ ፊት ተንበርክኮ እጃቸውን ሳመ።

ወዳጆቼ፣ ሕግ ይጠብቀኝ ያለ ሰው ጎረቤቱን የጠላ አይምሰላችሁ። አንዱን ከሞት የሚጠብቅ ትእዛዝ ሌላውን ከነፍሰ ገዳይነት ይጠብቀዋል። እናንተስ፣ በተቆጣችሁበት ሰዓት እጃችሁን የያዘላችሁን ሰው አመስግናችሁታል?