የአያ አንበሶ ማግሳትና የአያ ጅቦ ሽሽት

ተረት አምጣ ካላችሁኝ ጠጋ በሉ፤ ውሸት ከጨመርኩበትም ለማጣፈጥ ነው።

ድሮ ድሮ፣ ድንጋይ ገና ሳይጠነክር፣ አያ አንበሶ የሚባል የዱር ንጉሥ ነበር። ታዲያ ጉብታ ላይ ወጥቶ ጧት ያገሳል፣ ቀን ያገሳል፣ ማታ ያገሳል። ሲያዛጋ እንኳ እያገሳ ነው። «ዝም ያልኩ ቀን ዙፋኔን ይወስዱብኛል» ይላል በሆዱ። ከማግሳቱ ብዛት ደመናው ሰፈር ለቆ፣ ዝናቡ ሌላ አገር ይዘንብ ጀመር።

ሚስቱ እመት አንበሲት መጣች። «ኧረ አንተ ሰውዬ፣ ግባና ከልጆችህ ጋር ተንከባለል! መልክህን ረስተውታል።»

«መንግሥቱን ማን ይጠብቅልሽ?» አላትና አገሳ።

አጠገቡ የተሰቀለው ነጋሪትም አጉረመረመ። «ጌታዬ፣ ባገሱ ቁጥር እኔ እመታለሁ፤ ቆዳዬ አለቀ እኮ! በሬ በነበርኩ ጊዜ እንኳ ቀትር ላይ ከቀንበር እፈታ ነበር።»

«ዝም በል፣ አንተ ባዶ ሆድ!» አለውና አገሳ።

በሦስተኛው ቀን እመት አንበሲት እየሮጠች ተመለሰች። «አያ ጅቦ ዛሬም ዋሻችን ገብቶ ሥጋውን ጠራርጎ ወሰደው! ልጆችህ በረሃብ ሊያልቁ ነው!»

አያ አንበሶ ክው አለ። «እኔ እዚህ እያገሳሁ? እንዴት ቢደፍረኝ ነው?»

እመት ጦጢት ከዛፍ ላይ ሳቀች። «አዬ ጌታዬ! ማሽላ ስንዘርፍ፣ ማማ ላይ ቆሞ ቀኑን ሙሉ የሚጮኸውን ጠባቂ መቼ ፈርተነው እናውቃለን? እሱ በዚያ ሲጮህ እኛ በዚህ እንገባለን። የሚያስበረግገን ዝም ሲል ነው። አያ ጅቦም እርስዎ ጉብታው ላይ መሆንዎን በድምፅዎ ያውቃል።»

አያ አንበሶ ሊያገሳ አፉን ከፈተ… እንደ ትኩስ ገንፎ እየተናነቀው ዋጠው። ቤቱ ገባ። ልጆቹ ጀርባው ላይ ወጡበት፤ ተንከባለሉ፣ ተላፉ፣ ተኙ።

አገሩ ጭር አለ። አያ ጅቦ ወደ ዋሻው ሲመጣ ጆሮውን አቆመ። «የት ነው ያለው? ከዚህ ቁጥቋጦ ኋላ ይሆን? ከዚያ ቋጥኝ ሥር?» ቅጠል ኮሽ ሲል ፈረጠጠ፤ ጅራቱ እንኳ የደረሰበት በሳምንቱ ነው።

በማግሥቱ አውሬው ሁሉ ዋሻው ደጅ ተሰልፎ ለመነ። «ጌታችን፣ ኧረ ትንሽ ያግሱልን! የት እንዳሉ ሳናውቅ እንዴት ውኃ እንውረድ?»

አያ አንበሶ በጀርባው ተንጋሎ፣ ሆዱ ላይ አንድ ደቦል ተኝቶበታል። «እሽሽ… ልጁን ትቀሰቅሱብኛላችሁ» አለ በሹክሹክታ።

ይህን ሲሰማ ዝሆኑ ሳይቀር በጣቱ ጫፍ እየረገጠ ወደ ኋላው አፈገፈገ።

እንግዲህ ሹሞች፣ ቤታችሁ ግቡና ረፍ በሉ፤ የምትከበሩት ያኔ ነው። ያላመነኝ ሄዶ ጅቡን ይጠይቅ!