የአቶ ወንድይራድ ደንበኞች

አንዲት ልብስ ሰፊ የተከራየችውን ቤት ልትለቅ ሁለት ቀን ቀርቷታል። የቤቱ ኢንተርኔት በስሟ ስለሆነ፣ ቀጣዩ ተከራይ በሚያጠፋው እንዳትጠየቅ ልታቋርጠው ፈለገች። ማመልከቻ ጽፋ ለኢንተርኔት ድርጅቱ ቅርንጫፍ ኃላፊ ለአቶ ወንድይራድ አቀረበች። እሳቸው ግን ሳያነቡት በጣታቸው ገፋ አደረጉት።

«ስሚ አንቺ ሴትዮ፣ እዚህ ወንበር ላይ ከተቀመጥኩ ስድስት ዓመቴ ነው፤ አንድም ደንበኛ ለቆን ሄዶ አያውቅም። እስቲ የሄደ አንድ ሰው ጥሪልኝ፣ አሁኑኑ እፈርምልሻለሁ!»

«ከየት ላምጣልዎ ጌታዬ?» አለች ሴትዮዋ። «ሊለቁ የመጡት ሁሉ እኮ ገና አልሄዱም። ደጅ ተሰልፈው የእርስዎን ፊርማ እየጠበቁ ነው። በሩን ልክፈተውና ይዩዋቸው?»

አቶ ወንድይራድ በሩ ሳይከፈት ፈረሙላት።