ነጋድራስ ያጣሩት የማር መጋዘን

ይህ ወሬ እኛ ዘንድ የደረሰው በብዙ ሰው አፍ አልፎ ነው፤ ማን ጨመረ ማን ቀነሰ ብላችሁ እንዳትይዙን። ጨረጫ በምትባል የገበያ ከተማ አያ ጓንጉል የሚሉት ኮርቻ ሰፊ ነበር። እጁ ከቆዳ፣ ምላሱ ከሹም አይለይም ይባልለታል። የልብ ወዳጁ ሞላልኝ ደግሞ የማርና የሰም ነጋዴ ነው። አንድ ክረምት ወንዝ የሞላልኝን ጭነት ጠራርጎ ወሰደበትና ሰውየው ከሰረ። መጋዘን ውስጥ የቀረው ማርና ሰም፣ በረት ያሉት በቅሎዎችም በወጉ ቢሸጡ አበዳሪዎቹ ሁሉ ይረኩ ነበር። ካልሆነ ግን ሚስቱና ልጆቹ ያሉበት ቤት መሸጡ ነው። በዚያን ዘመን የከሰረ ነጋዴን ንብረት የሚያጣራው የገበያው ሹም ነጋድራስ ነበርና፣ ነገሩ በጨረጫው ነጋድራስ በአቶ አንዳርጌ እጅ ወደቀ። ነጋድራስ አንዳርጌ ሲበዛ ጥንቁቅ ሰው ናቸው፤ በተለይ ለራሳቸው።

*

በመጀመሪያው ቀን ነጋድራስ ከነጭፍሮቻቸው መጥተው የመጋዘኑን በር ዘጉ። በማኅተም ይታሸግ ሲባል ግን ሰም የያዘ ሰው ጠፋ። እሳቸውም ይህ ምን ያስቸግራል ብለው በሩን መልሰው አስከፈቱና ከሞላልኝ ሰም አንድ ትልቅ ድቡልቡል አስወጡ። ጥቂቱን በሩ ላይ አስለጥፈው ስማቸው ያለበትን ማኅተም አሳረፉበት፤ የተረፈውን ወደ ቤታቸው ላኩት። ከዚያ በተሰበሰበው ሰው ፊት፣ ማኅተሙ እንዴት ነው ብለው አያ ጓንጉልን ጠየቁት። እሱም ጠጋ ብሎ አየና፣

«እጅግ ያምራል ጌታዬ። የሞላልኝን የመጀመሪያ ባለዕዳ ስም በራሱ በሞላልኝ ሰም ጻፉልን» አለ።

*

ወር ሳይሞላ ነጋድራስ በገበያው መካከል አዋጅ አስነገሩ። ማሩ ከሙቀቱ ብዛት ደርቆ አልቋል ተባለ። ማር ደርቆ ከነእንስራው ይጠፋል ወይ ብሎ የሚጠይቅ ሰው አልተገኘም፤ የመጋዘኑ ጠባቂዎች ጠመንጃ ይዘዋላ። በዚያው ሰሞን ነጋድራስ ልጃቸውን ዳሩ፤ ድግሱም ጠጅ በጠጅ ሆነ። አያ ጓንጉል ተጠርቶ ነበርና ብርሌው ሲሰጠው በሁለት እጁ ተቀብሎ ደጋግሞ ሳመው፤ ከዚያም እንባውን ያፈስ ጀመር። ነጋድራስ በልጄ ሰርግ ላይ ምን ሆነህ ነው የምታለቅሰው ብለው ተቆጡ።

«ጌታዬ፣ መርዶውን በገበያ የሰማሁትን የሞላልኝን ማር እዚህ በሕይወት ሳገኘው እንዴት አላለቅስ?»

*

ሞላልኝ ጭንቀቱ ሲበረታበት፣ ከንብረቴ ምን ያህል ቀረ ብሎ ሊጠይቅ ወደ ነጋድራስ ቤት ሄደ። አሽከሮቹ ጌታ ምሳ ላይ ናቸው ብለው ከደጅ መለሱት። አንገቱን ደፍቶ ሲመጣ አያ ጓንጉል አገኘው።

«አይዞህ፣ ገበታው ሲነሳ የቀረውን ይነግሩሃል።»

*

ከሞላልኝ በቅሎዎች አንዲት ሸጊት የምትባል ነበረች፤ እንደ ልጁ ነው ያሳደጋት። ነጋድራስ ይህችን በቅሎ ቁማ እንዳትሰንፍ ብለው ይቀመጡባት ጀመር። የሞላልኝ አሮጌ ኮርቻ ለማዕረጋቸው አልመጥን ሲላቸው ደግሞ አያ ጓንጉልን አስጠርተው ጌጠኛ ኮርቻ አዘዙት። ሰፍቶ ሲያመጣና ዋጋውን ሲጠይቅ፣ በቅሎዋ የከሳሪው ናትና ዋጋውም ከከሳሪው ንብረት ነው፤ እንደ ሌሎቹ አበዳሪዎች ተራህን ጠብቅ፣ ሲጣራ የድርሻህን ታገኛለህ አሉት። አያ ጓንጉል እጅ ነሣ። ከኮርቻው ላይ አንዱን እርካብ ፈታና በክብር አስረከባቸው፤ የቀረውን ተሸክሞ መውጣት ጀመረ። ነጋድራስ ወዴት ነው ብለው ጮኹበት።

«እኔም እንደ እርስዎ በድርሻ ነው የምከፍለው ጌታዬ። ዛሬ እርካቡን ይዘው ይቆዩ፤ መቀመጫው ሲጣራ ይደርስዎታል።»

*

በመጨረሻ የሞላልኝ ሚስት በየመንገዱ አቤት ስትል የሰሙ አንድ ዳኛ ከበላይ ተልከው መጡ። ችሎቱ ከዋርካው ሥር ተዘረጋ። ነጋድራስ ሂሳቡን አሰሙ። ማሩ ደርቋል፣ ሰሙን አይጥ በልቶታል፣ በቅሎዎቹ በበሽታ አልቀዋል፤ ሸጊት የምትባለውም በዓይናቸው ፊት ሞታለች። ይህም አልበቃ ብሎ ለጠባቂዎቹ ቀለብና ለራሳቸው ድካም የሚከፈል ስለጠፋ ቤቱ ተሸጦ ይሰጠኝ አሉ። የሞላልኝ ሚስት ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ ቀረች። አያ ጓንጉል ስለ ሞላልኝ ቆሞ ነገሩ ሐሰት ነው አለ።

በዚያን ዘመን ሙግት ሲጋጋል ተሟጋቹ፣ ቃሌ ውሸት ቢሆን ፈረስ እሰጥ፣ በቅሎ እሰጥ እያለ ይወራረድ ነበር። የተረታው ያስያዘውን ለዳኛው ያስረክባል። ነጋድራስም ሹመታቸው ተደፍሮ ደማቸው ፈላና በቅሎ እሰጥ አሉ። ዳኛው የትኛዋን በቅሎ ብለው ቢጠይቁ፣ ተቀምጬባት የመጣሁትን፣ እዚያ ታስራ የቆመችውን ብለው ዘንጋቸውን ዘረጉ። አያ ጓንጉል ወደ ሞላልኝ ዞሮ፣ እስቲ በስሟ ጥራት አለው። ሞላልኝ በደከመ ድምፅ «ሸጊት» ቢል፣ በቅሎዋ ጆሮዋን አቁማ ገመዷን በጥሳ ወደ እሱ መጣች። ሰውየው አንገቷን አቅፎ አለቀሰ። ዳኛው፣ አያ ጓንጉል ውርርዱን ትገባለህ ወይ ብለው ጠየቁ።

«አልገባም ጌታዬ። የሞተች በቅሎ አስነሥተው ከሚያስይዙ ሰው ጋር እኔ በምኔ እወራረዳለሁ?»

ችሎቱ በሳቅ ፈረሰ። ዳኛው ግን አልሳቁም። ቤቱ እንዳይነካ፣ ሸጊት ለባለቤቷ እንድትመለስ፣ የተበላውንም ሁሉ ነጋድራስ እንዲከፍሉ ፈረዱ። ከፍለው እስኪጨርሱ ደግሞ በአገሩ ደንብ ቁራኛ ይሁኑ አሉ፤ ማለት የባለዕዳውና የባለገንዘቡ ኩታ ጫፍና ጫፉ ተቋጥሮ አብረው ይውላሉ፣ አብረው ያድራሉ። የነጋድራስ ኩታ ከሞላልኝ ኩታ ጋር ሲቋጠር ፊታቸው ተለዋወጠ። እኔን የሚያህል ሹም ከዚህ ከሳሪ ጋር ምን አገናኘው፣ እንዴትስ ቤቴ ይዤው እገባለሁ ብለው ለዳኛው አመለከቱ። አያ ጓንጉል ቋጠሮውን ጠበቅ አደረገላቸው።

«ጌታዬ፣ የሞላልኝ ነገር ሁሉ ቤትዎ ገብቶ አልቋል፤ ውጭ የቀረው እሱ ራሱ ብቻ ነው። እሱንም ያስገቡትና ማጣራቱን ይጨርሱ።»