በማሩ ላይ የተቀባው እሬት

እስቲ ልጆች፣ ጠጋ ጠጋ በሉ። በሩ ላይ የቆምከውም ና ግባ፤ ማንም አይነካህም። ዛሬ የምነግራችሁ ሰውን ማመን ስላቃተው ሰው ነው።

በድሮ ዘመን መርዕድ የሚባል ሕፃን ንጉሥ ነበር። እናቱ በወሊድ ሞተች፤ አባቱ ከፈረስ ወድቆ ሞተ፤ ልጁ ገና በሁለት ዓመቱ ዘውድ ጫነ። ዘውዱ እየወረደ ዓይኑን ይሸፍነው ነበር። ያሳደገው አጎቱ ብላታ ወሰኔ ነው። ብላታ ወሰኔ ድምፁ ለስላሳ፣ ጣቱ ቀጭን፣ ልቡ ተንኮለኛ ነበር። ሲቆጣ ያየው ሰው የለም።

ብላታ ዙፋኑን ይመኘዋል። ቢቀማ ግን ሕዝቡ ዝም እንደማይለው ያውቃል። ስለዚህ በልቡ እንዲህ አለ፦ «ዙፋኑን መቀማት አልችልም። የሚቀመጥበትን ልጅ ግን እንደፈለግሁ አድርጌ ማሳደግ እችላለሁ።»

አንድ ቀን ወጥ ቤቷ ለልጁ ማር የተቀባ ዳቦ አዘጋጀችለት። ብላታ ማንም ሳያየው ዳቦውን እሬት ቀባው። እሬት ታውቃላችሁ አይደል? አንዴ ምላስ ላይ ካረፈ ቀኑን ሙሉ አይለቅም። ልጁ ጎረሰና አለቀሰ። ብላታ አቀፈው፤ በራሱ ጣት ንጹሕ ማር አላሰውና፣ «አየህ ልጄ፣ የሰው እጅ መራራ ነው። የማይመርረው የእኔ እጅ ብቻ ነው» አለው። ወጥ ቤቷ ተባረረች።

ሌላ ቀን የፈረሶቹ ጠባቂ ባልደራሱ ትኩስ ወተት አመጣለት። ብላታ እሬት ጨመረበት። ልጁ ጠጣና አለቀሰ። ብላታ አቀፈው፤ ማር አላሰውና፣ «አየህ ልጄ፣ የሰው እጅ መራራ ነው» አለው። ባልደራሱም ተባረረ።

በሦስተኛው ጊዜ ልጁ ለፊደል ደርሶ ነበር፤ የፊደል መምህሩ «ጎበዝ ስለሆንክ» ብለው የተላጠ ሸንኮራ ሰጡት። እሱም እሬት ተቀብቶ ነበር። ልጁ ቀመሰ። በዚህ ጊዜ ግን አላለቀሰም። ቀስ ብሎ ተፋውና መምህሩን ትክ ብሎ አያቸው። ብላታ ያንን አስተያየት ሲያይ ደስ አለው። ከዚያ ወዲያ እሬት አላስፈለገውም።

አዲስ መምህር መጡ። «ይህ ሀ ነው» ሲሉት ልጁ፣ «ይህን ለእኔ ማሳየት ለእርስዎ ምን ይጠቅምዎታል?» ብሎ ጠየቃቸው። መምህሩ ግራ ገባቸው። ሦስት መምህራን መጡ፤ ሦስቱም ሄዱ። መማርም ከሰው እጅ መቀበል ነው፤ ልጁ ደግሞ ከሰው እጅ አይቀበልም። ስለዚህ ማንበብ ሳይችል አደገ። የመጣውን ደብዳቤ ሁሉ የሚያነብለት ብላታ ሆነ። ብላታ የፈለገውም ይህንኑ ነበር።

መርዕድ ጎለመሰ። ሰው ሲስቅ «በምን ሳቅህ?» ይላል። ዝም ሲል «ምን ደበቅህ?» ይላል። ምግቡን ሦስት ቀማሾች ካልቀመሱት አይነካም፤ ሦስቱንም ደግሞ የሚጠብቅ አራተኛ አለ። ሚስት አገባ። ሚስቱ ልብሱን ስታስተካክልለት እንኳ እጇን ይይዝ ነበር። በመጨረሻ አንገፈገፋትና አባቷ ቤት ገባች። ሁለት ዓመት የሆናትን ልጃቸውን ትርንጎን ግን አልሰጣትም።

በዚያው ዓመት የቆላ ሰዎች ደብዳቤ ላኩ። «ዝናቡ ደርሷል፤ ዘር የለንም። ከጎተራዎ ዘር ያበድሩን» ይላል። ብላታ ደብዳቤውን ዘርግቶ፣ «ጎተራውን ክፈት አለዚያ እንሰብረዋለን ይላሉ» ብሎ አነበበ። ንጉሡ አመነው። በጎተራው ላይ ዘበኛ ጨመረበት።

ለትርንጎ ሞግዚት ትሆን ዘንድ እናኑ የምትባል የገጠር ሴት ተቀጥራ ነበር። እናኑ ንግግሯ ጥቂት፣ ዓይኗ ንቁ፣ እጇ የማያርፍ ሴት ናት። ትርንጎ ደግሞ የያዘችውን ሁሉ ለሰው የምታጎርስ ልጅ ነበረች። ዘበኛውን ታጎርሳለች፤ ቀማሾቹን ታጎርሳለች፤ ለአባቷም እጇን ትዘረጋለች። አባቷ ግን «መጀመሪያ አንቺ ቅመሺ» ይላታል። ልጅቱ ትስቅና ትቀምሳለች። ብላታ ይህን ጥግ ቆሞ ያያል። አርጅቷል፤ ምኞቱ ግን አላረጀም።

አንድ ጠዋት ትርንጎ ከእናኑ እጅ ማር የተቀባ ዳቦ ጎረሰችና ጮኸች። ንጉሡ ሰይፉን ይዞ ገባ።

«ልጄን መርዘሻል» አላት።

እናኑ የወደቀውን ቁራሽ አንስታ ላሰችው። ፊቷ ተኮማተረ።

«መርዝ አይደለም፣ ጃንሆይ። እሬት ነው። እኛ ሴቶች ጡት ለማስጣል የምንቀባው እሬት።»

«ታዲያ ማን ቀባው?»

«አላውቅም። ግን መግደል የፈለገ ሰው እሬት አይቀባም። እሬት የሚቀባ ሰው ልጁ አንድን ነገር እንዲጠላ ፈልጎ ነው።»

«አንቺ ራስሽ ብትሆኚስ?»

«እኔን ይጠርጥሩኝ፣ ግድ የለም። በዚህ ግቢ ያልተጠረጠረ የለም» አለች እናኑ። የልጅቱን አፍ እየጠረገች ጨመረችበት፦ «ነው ወይስ ያልጠረጠሩት ሰው አለ?»

ንጉሡ ሰይፉን ወደ አፎቱ መለሰ። የምላሱ ሥር ግን ድንገት መረረው። ያንን ጣዕም ያውቀዋል፤ የት እንዳወቀው ግን ማስታወስ አቃተው።

በማግሥቱ እናኑ ንጉሡን በመከረችው መሠረት ለትርንጎ ሦስት ዳቦ በሦስት ሳህን ተቀመጠ። «ይህ የወጥ ቤቷ ነው፣ ይህ የሞግዚቷ ነው፣ ይህ አባትየው በገዛ እጁ ማር የቀባው ነው» ተብሎ ለግቢው ሰው ሁሉ ተነገረ። ንጉሡ መጋረጃ ኋላ ቆመ።

ብላታ ገባ። ግራ ቀኙን አየ። ከመቀነቱ እሬት የያዘ ትንሽ ቀንድ አወጣና ጣቱን ነከረ። የወጥ ቤቷን ቀባ። የሞግዚቷን ቀባ። የአባትየውን ዳቦ ሲያይ ቆም አለ፤ ከዚያ እሱን ከሁሉ አብልጦ ቀባው።

ንጉሡ መጋረጃውን ገለጠ። አልጮኸም።

«በልጅነቴ የእኔንም ዳቦ የቀባኸው አንተ ነህ?» አለ። ከተወለደ ጀምሮ «እርስዎ» ሲለው የኖረውን አጎቱን አንተ ያለው ያን ቀን ነው።

ብላታም አልደነገጠም። «ከክፉ ሰው ጠበቅሁህ» አለ በለስላሳ ድምፁ። «ማን ገደለህ? ማን አታለለህ? ይኸው በሕይወት አለህ።»

«አለሁ» አለ ንጉሡ። «ግን ሰው አቅፌ አላውቅም።»

ደብዳቤዎቹ ሁሉ በሌላ ሰው ተነበቡ። የንጉሡ ጎተራ ለቆላ ሰዎች በዚያው ቀን ተከፈተ፤ ዘሩም ለዝናቡ ደረሰ። ብላታ ግን አልተገደለም። የቆላ ሰዎች ተራ በተራ እያበሉት እንዲኖር ተፈረደበት። ሰዎቹ ደህና ምግብ ነበር የሚሰጡት። እሱ ግን እጅ ምን ሊደብቅ እንደሚችል ያውቃል፤ እያንዳንዱን ጉርሻ ሲያሸት፣ ሲገላብጥ፣ ሲተወው፣ ከሙሉ ገበታ ፊት እየመነመነ ሄደ።

ንጉሡስ አትሉኝም? እውነቱን ባወቀበት ቀን እናኑ ዳቦ ቆርሳ ሰጠችው። ተቀበለ። እጁ ግን አፉ ዘንድ ሲደርስ ቆመ።

«ልቤ አውቋል» አለ። «እጄ ግን አላወቀም።»

«እጅዎን ማን ይወቅሰዋል?» አለች እናኑ። «የሚያደርገው በሁለት ዓመቱ የተማረውን ነው። ቀስ ብሎ ሌላ ይማራል። እኔ ነገም ይህንኑ ዳቦ ይዤ እመጣለሁ።»

በማግሥቱም መጣች። አልበላም። በሦስተኛውም ቀን መጣች። አሸተተና መለሰው። ክረምቱ አልፎ በጋው እስኪገባ ድረስ በየጠዋቱ መጣች፤ አንድም ቀን አልቀረችም። ከዕለታት አንድ ቀን ንጉሡ ሳያስበው ጎረሰ። ካላመጠ በኋላ ነው አለማሽተቱን ያስታወሰው፤ ቁጭ ብሎ አለቀሰ። ሚስቱንም ሽማግሌ ልኮ አስለመናት። መጣች፤ ግን «አየዋለሁ» ብላ ነው የመጣችው፤ እሷም ማመን ጊዜ ወሰደባት። በሠላሳ ዓመቱ ከልጁ ጎን ተቀምጦ ፊደል ቆጠረ። ትርንጎ ትቀድመው ነበር።

ከዚያች ቀን በቀር እስኪሞት ድረስ ምግቡን ሳያሸት በልቶ አያውቅም ይላሉ። ያ አልለቀቀውም። ማሽተቱን ሲጨርስ ግን ይበላ ነበር።

ልጆች፣ የዚህ ነገር ትምህርቱ ይህ ነው፦ ሰው በሕፃንነቱ የቀመሰውን ሲያድግ በሁሉ ነገር ውስጥ ይፈልገዋል። መራራ የቀመሰ በማሩም ውስጥ መራራ ይፈልጋል። በአንድ ቀን የተቀባውን ለማንሳት ዓመታት ይፈጃል፤ ቢሆንም በየቀኑ የሚመጣ ታማኝ እጅ ካለ ይነሳል። እናንተም ነገ ልጅ ስታሳድጉ፣ ከምትሰጡት በፊት እጃችሁን እዩ።

እኔ የሰማሁትን ይኸው ሰጠኋችሁ። ከማን እንደሰማችሁት ሲጠይቋችሁ ስሜን ንገሩ፤ ያላመነ ራሱ መጥቶ ይጠይቀኝ።