ሸህ ጧሃ የደፈኑት ቀዳዳ

ዘመን ስሟን ባስረሳን፣ ቤቶቿ ግድግዳ ተጋርተው በተሠሩባት አንዲት ጥንታዊ ከተማ ሸህ ጧሃ የሚባሉ መራጊ ነበሩ። ጭቃቸውን ከጭድ ጋር አብኩተው፣ በእግራቸው ረግጠው፣ የሰው ቤት ግድግዳ ከውስጥ ሲሸነቆር ይደፍናሉ። አንድ ልማድ ነበራቸው፤ ቀዳዳው ወደ ጎረቤት የሚያሳይ ከሆነ ጀርባቸውን ሰጥተው ይቀመጡና በመዳፋቸው እየዳሰሱ ይመርጉታል። ልጆች «ሸሁ ከግድግዳው ተጣሉ!» እያሉ ይስቁባቸው ነበር።

አንድ ቀን የከተማው ሹም በሽር አስጠራቸው። እልፍኙን ከእመት ረውዳ ቤት የሚለየው ግድግዳ ተሸንቁሯል። እመት ረውዳ ባላቸው የሞተባቸው ሴት ናቸው። ሹሙ የበደላቸው ሰዎች እሳቸው ቤት እየተሰበሰቡ ያለቅሳሉ፣ ዱዓ ያደርጋሉ።

«ሸህ፣ ዙሪያውን አሳምረው ይምረጉልኝ» አለ ሹሙ። «መሃሉን ግን ይተዉት። ምንጣፍ እሰቅልበታለሁ።»

«ምንጣፉ ምን ሊሰማ ነው?»

ሹሙ ሳቀ። «ማን እንደሚረግመኝ ልወቅ እንጂ!»

ሸሁ አልሳቁም። «አላህ ‹ነውርንም አትከታተሉ› ብሎናል» አሉና ጀርባቸውን ሰጥተው ተቀመጡ። ቢስሚላህ ብለው ጥቅጥቅ አድርገው ደፈኑት።

ጭቃው ሳይደርቅ ሹሙ በጦሩ ጫፍ ወጋው። ሸሁ በማግስቱ ማንም ሳይጠራቸው መጥተው ደፈኑት። ደግሞ ወጋው፤ ደግሞ መጡ። በሦስተኛው ቀን ሹሙ የጭቃ ገንዳቸውን በእግሩ ገለበጠው።

«ከእንግዲህ ጭቃ ብትነካ እጅህን አስቆርጣለሁ!»

ሸህ ጧሃ ጎንበስ ብለው የፈሰሰውን ጭቃ ከወለሉ ላይ አፈሱ። ጉልበታቸው ይንቀጠቀጥ ነበር፤ ድምፃቸው ግን አልተንቀጠቀጠም።

«ቀኙን ካስቆረጡት በግራዬ እመርጋለሁ። እነዚያ ሰዎች የሚያለቅሱበት ሌላ ቤት የላቸውም።»

ቀዳዳውን ደፍነው ሲያበቁ ግድግዳውን በመዳፋቸው መታ መታ አደረጉት። «ይስሙት፣ ጌታዬ። ጦርዎ ውስጥ ውስጡን ፈርክሶታል። አንድ ጊዜ ቢደግሙት ሙሉው ይወርዳል። ያኔ እርስዎ ብቻ አያዩም፤ ወዲያ ያሉት ሁሉ እርስዎን ከነጦርዎ ያዩዎታል።»

ሹሙ ጦሩን አነሳ። ከግድግዳው ማዶ የብዙ ሰው «አሚን» ተሰማ። ክንዱ እንደተዘረጋ ቆየ። ከዚያ ጦሩን ቀስ ብሎ መሬት አስነካው።

ሸሁ እጃቸውን እየታጠቡ እንዲህ አሉ፦ «ሙእሚን፣ በአላህ ያመነ ሰው፣ ለሰው ቀዳዳ ጭቃ ነው እንጂ ዓይን አይደለም።»

እኛ ዛሬ ጦር የለንም። በር ላይ የምንለጥፈው ጆሮ፣ የሰማነውን የሚያደርስ ምላስ ግን አለን። ትልቅ ሰው «ስማልኝ፣ ንገረኝ» ሲለን ፈርተን እሺ እንላለን። ሸሁም ፈርተው ነበር፤ ጉልበታቸው ያውቃል። እምቢ ለማለት ግን የማይፈራ ጉልበት አላስፈለጋቸውም። የደፈንነውን ቢወጉት፣ ነገም ጭቃችንን ይዘን እንመለስ።