ምልልሳዊው ስብሰባ

ቀላል ቃል ከአፋቸው ከወጣ የተዋረዱ የሚመስላቸው አንድ የወረዳ አስተዳዳሪ ነበሩ። የአንድ ቀበሌ ሕዝብ የውሃ ቧንቧው ከተበላሸ ሁለት ወር ሞልቶት ኖሮ አቤት ለማለት አዳራሽ ቢሰበሰብ፣ እሳቸው ማይክሮፎኑን ያዙና «የዛሬው ስብሰባ ምልልሳዊ ነው!» ብለው ጀመሩ። ከዚያ ስለ ልማት፣ ስለ ራሳቸው፣ እንደገና ስለ ልማት ሲናገሩ ቀትር ሆነ። ስለ ውሃው ግን አንድም ሰው ትንፍሽ ለማለት ፋታ አላገኘም።

በመጨረሻ በርበሬ ወቅጣ የምታድር አንዲት ሴት እጇን አወጣች።

አስተዳዳሪው ከላይ እስከ ታች አዩዋትና፣ «ለመሆኑ ምልልሳዊ ማለት ምን ማለት እንደሆነ ታውቂያለሽ? ትርጉሙን የማያውቅ ሰው እዚህ አስተያየት አይሰጥም!» አሏት።

ሴትየዋ ብድግ አለች።

«ጌታዬ፣ እኔ የማውቀው በሙቀጫ ነው። ከጎረቤቴ ጋር በአንድ ሙቀጫ ስንወቅጥ፣ እሷ ዘነዘናዋን ስታነሳ እኔ አወርዳለሁ፤ እኔ ሳነሳ እሷ ታወርዳለች። ምልልሳዊ ማለት ይኸው ይመስለኛል። ዛሬ ግን ከጠዋት ጀምሮ የሚወቅጡት እርስዎ ብቻ ነዎት። እኛማ በርበሬው ነን።»