ለድንኳን ሦስት ጊዜ

አሮጊቷን ከእድር ላስወጣ ብለው የተነሡት የእድሩ ዳኛ አቶ ወንድይፍራው ናቸው። አንዲት ሴት ለአዋቂዎች የመኝታ ቤት ፊልም ስትሠራ አሮጊቷ በር ትጠብቃለች፤ ተዋናዮቹንም "ወደሽ ነው የመጣሽው?" ሳትል አታስገባም።

"ሴት እንዲህ ተብላ ትጠየቃለች? ነውር!" አሉ ዳኛው በስብሰባው ፊት። "ተዪው፤ አለዚያ ቀባሪ የለሽም!"

"ጌታዬ፣ ባለፈው ወር የተቀደደው ድንኳን እንዲሰፋ 'ተስማምታችኋል ወይ?' ብለው ሦስቴ ጠየቁን። ለድንኳን ሦስቴ ከተጠየቀ፣ ለሴት ገላ አንዴ ቢጠየቅ ምን ከፋዎት?" አለች አሮጊቷ።

ከሁሉ ቀድማ የሳቀችው የዳኛው ሚስት ናት። ዳኛው "ትባረር፤ ተስማምታችኋል ወይ?" ቢሉ፣ ሦስቴም መላሽ አጡ።

በማግስቱ ጠዋት አሮጊቷ በሩ ላይ ተቀምጣ የመጀመሪያዋን ተዋናይ ሦስት ጊዜ ጠየቀቻት።